ሚስተር አባቴ

ነርሷ በሩን ከፈት አድርጋ የአባቴን ስም ጠራች። ከፊቱ «ሚስተር» ጨምራበታለች። ተነሳሁ። አባቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ከአገሩ ሳይወጣ ነው ያረፈው። ለንደን ግን አለ። ግፊቱን ይለካል፣ ደብዳቤ ይመጣለታል፣ የመብራት ይከፍላል።

የልጄ ትምህርት ቤት ስሄድ ደግሞ ሌላ ሰው ነኝ። ከልጁ ስም ቀጥሎ ያለው የእኔ ስም ስለሆነ፣ እዚያ ሚስተሩ እኔው ነኝ። ባለቤቴ የራሷን አባት ይዛለች። ሦስት ሰው፣ ሦስት ላስት ኔም። አንዴ ኤርፖርት ላይ የኢሚግሬሽን ሰውዬ ፓስፖርታችንን እንደ ካርታ ደረደረና፣ ወደ ልጁ ጎንበስ ብሎ «ይሄ ሰው ማነው?» አለው። ልጄ «አባዬ» አለ። ሰውዬው «አባዬ» የሚል ስም ፓስፖርቶቹ ላይ መፈለግ ጀመረ።

ይሄ ሁሉ ትዝ ያለኝ ሰሞኑን አንድ የድሮ የእንግሊዝ ኮሜዲ ሳይ ነው፤ «ዘ ኢምፖርታንስ ኦፍ ቢይንግ ኧርነስት»። አንቶኒ አስኩዊት በ1952 የሠራው ፊልም ነው። ኦስካር ዋይልድ ቴአትሩን መድረክ ላይ ያወጣው ግን በ1895 ነው፤ አድዋ አንድ ዓመት ሲቀረው።

ማይክል ሬድግሬቭ የሚጫወተው ሰው ገጠር ሲሆን ጃክ፣ ለንደን ሲመጣ ኧርነስት ነው። ለገጠሮቹ «ኧርነስት የሚባል ዱርዬ ወንድም አለኝ» እያለ ይጠፋል። የወደዳት ልጅ ደግሞ ስሙ ኧርነስት ካልሆነ አላገባም ባይ ናት። ቃሉ በእንግሊዝኛ ሲጠራ «ከልቡ የሆነ፣ የማያስመስል» ማለትም ይሆናል፤ ሰምና ወርቅ ለለመደ ጆሮ አዲስ አይደለም።

በኋላ ጃክ ይሰለቸውና ወንድሙን ይገድለዋል። «ፓሪስ ላይ ብርድ መትቶት ሞተ» ብሎ፣ ጥቁር በጥቁር ለብሶ ገጠር ይገባል። ለካ ጓደኛው አልጀርኖን ቀድሞ «ኧርነስት ነኝ» ብሎ ቤቱ ገብቷል። መርዶ ነጋሪና ሟች አንድ ግቢ ተገናኙ! እኛ መርዶ ስናረዳ ስንት ሽማግሌ ነው ጎህ ሳይቀድ የምንሰበስበው።

ልቤ የቀረው ግን ኢዲት ኢቫንስ ጋ ነው፤ የልጅቷ እናት። ማስታወሻ ደብተርና እርሳስ ይዛ ጃክን ታፋጥጠዋለች። ዕድሜ? ገቢ? ቤት? ወላጅ? ሰባት ቤት የሚያስቆጥሩ ሽማግሎቻችን ቢያዩዋት ወንበር ይለቁላታል። እዚህ አገር ስኖር «የማን ልጅ ነህ?» ያለኝ እንግሊዛዊ የለም። የትውልድ ቀንና ፖስት ኮድ ነው የሚጠይቁኝ። የማን ልጅ እንደሆኑ መጠየቅ የእኛ ብቻ ይመስለኝ ነበር።

ጃክ መልስ የለውም። ሕፃን ሆኖ ቪክቶሪያ ባቡር ጣቢያ፣ ዕቃ ማስቀመጫ ክፍል፣ የእጅ ቦርሳ ውስጥ ነው የተገኘው። ሴትዮዋ «የእጅ ቦርሳ?» ስትል ድምፅዋ ጣሪያ ይነካል። እኔ በዚያ ጣቢያ ባለፍኩ ቁጥር ብቻዬን እስቃለሁ።

አገር ቤት የሄድኩ ጊዜ ደግሞ ሰፈራችን አንዲት እናት በር ላይ አቆሙኝ። ስሜን ነገርኳቸው፤ ዝም። የአባቴን ስም ጠራሁ። «ውይ በሞትኩት!» ብለው አንገቴን ይዘው ሳሙኝ። ነርሷ በየጊዜው ያንኑ ስም ትጠራለች፤ ግፊቴን ለክታ ትሸኘኛለች።

መጨረሻው ላይ የጃክ ወላጆች ይታወቃሉ። የአባቱ ስም ከወታደር መኮንኖች መዝገብ ሲፈለግ ኧርነስት ጆን ሆኖ ይወጣል። የበኩር ልጅ ደግሞ የተሰየመው በአባቱ ነው። ሰውዬው ሲዋሽ የኖረው በገዛ ስሙ ነበር!

ልጄ አጠገቤ ቁጭ ብሎ ያያል። ትንሽ አሰበና «በእኛ ከሆነ ኧርነስት ኧርነስት ነዋ» አለኝ። ነው። ግን ይሄን ፎርም ላይ ቢሞላው «አንዱን ስም ሁለቴ ጽፈሃል» ብለው ይመልሱለታል።