ግልጽ ደብዳቤ ለጋሼ ስዊች፣ ኮምፒውተሮችን በኔትወርክ ለሚያገናኙት

ጋሼ፣ እንደምን ከረሙ፣ አቧራው እንዴት ይዞዎታል? እኔ ፈርምዌርዎን (ውስጥዎ ያለውን የሚያሠራዎትን ሶፍትዌር) ላድስልዎት ከመጣሁባት ሌሊት በስተቀር ደህና ነኝ።

መቼም ዕድሜ ያስከብራል፣ እርስዎ ግን አበዙት። አዲሱን ፋይል ይዤ ስመጣ ገና ከበር "ቦታ የለም" አሉኝ፣ ጠቅላላ ፍላሽዎ (የፋይል ማስቀመጫዎ) 32 ሜጋባይት ነዋ! ምን ይሻላል ስል አሮጌውን አጥፍተህ አዲሱን ጫን ተባለ፣ ማለትም እግሬ ላይ ያለውን ጫማ ወርውሬ አዲሱ ልኬ ይሁን አይሁን መንገድ ላይ ልወቅ ነው እኮ።

ከዛ ቲኤፍቲፒ (በኔትወርክ ፋይል መላኪያ ዘዴ፣ በፈረንጆቹ 1981 የወጣ፣ ለእርስዎም አባት የሚሆን)። 512 ባይት እልካለሁ፣ "ደረሰኝ" እስኪሉ እጠብቃለሁ፣ ደግሞ 512፣ ደግሞ "ደረሰኝ"፣ ፊደል የሚቆጥር ህጻን ይፈጥናል። ሲያልቅ "ኦኬ" ይላሉ። የምን ኦኬ? የዋጡት ፋይል አምራቹ ያወጣው መሆኑን መች አዩና! ላፕቶፔ ላይ ኤምዲፋይቩን (ከፋይሉ ይዘት የሚሰላውን የ32 ፊደልና ቁጥር አሻራ) አይቻለሁ፣ ልክ ነው፣ ጥያቄው ግን እርስዎ ሆድ ውስጥ የገባው ነው፣ ስለዚህ ቬሪፋዩን (አሻራውን የሚያሰላውን ትእዛዝ) እዛው እርስዎ ላይ ማስኬድና 32ቱን ፊደልና ቁጥር አምራቹ ካወጣው ጋር ማስተያየት ነበረብኝ። (ኤምዲፋይቭ የተበላሸን ፋይል ይይዛል፣ ሆን ብሎ የሚያጭበረብርን ግን አይችለውም፣ አምራቹ ሻ512 የሚባለውን ጠንካራውን አሻራ ከሰጠ እሱን ነው ማየት።)

ነበረብኝ አልኩ አይደል? ደክሞኝ "ኦኬ ብለዋል" ብዬ ሪሎድ (ጠፍተው ይነሱ) አልኳ። ጋሼም በዛው አሸለቡ። ኔትወርኩ ጠፋ፣ ስልኬ መጮህ ጀመረ፣ እርስዎ ደግሞ ቡትሎደር (ሲበሩ መጀመሪያ የሚሠራው ትንሽ ፕሮግራም) ላይ ቁጭ ብለው ትእዛዝ ይጠብቃሉ። የኮንሶል ኬብል (ላፕቶፔን በቀጥታ ከእርስዎ ጋር የሚያገናኘውን) ፈልጌ በኤክስሞደም (በዚሁ ኬብል ፋይል መላኪያ የድሮ ዘዴ)፣ በሰከንድ በ9600 ቢት፣ 15 ሜጋባይት ስጭን አራት ሰዓት ተኩል ገደማ ፈጀ፣ ፍጥነቱን ወደ 115200 ከፍ ማድረግ እንደሚቻል ያነበብኩት ደግሞ መቼ መሰልዎት፣ ፋይሉ ገብቶ ሊያልቅ ሲል!

ነገ ማታ ወንድምዎ ጋ እመለሳለሁ። እሳቸው ፍላሻቸው ሰፊ ነው፣ ሁለቱም ፋይል ይገባል፣ ባለፈው ቀስ ብዬ ጫንኩ፣ ከእርስዎ ተምሬ ቬሪፋይ አደረኩ፣ 32ቱንም በጣቴ እየቆጠርኩ አስተያየሁ፣ ሪሎድ ስላቸው መብራታቸው ሁሉ አረንጓዴ ሆኖ ተነሱ፣ በአሮጌው ቨርዥን። ቡት የሚያደርጉበትን (ሲበሩ የሚነሱበትን) ፋይል መቀየር ረስቼ።

አክባሪዎ፣
ኮንሶል ኬብሉን አንገቱ ላይ ጠምጥሞ ራክ ስር የተኛው