ከስሙ የተፋቀው ቃልና የቀረው ደሴት

በኖቬምበር 2020 (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) የሮድ አይላንድ መራጮች የግዛታቸውን ስም ለማሳጠር ድምፅ ሰጡ። ከሃምሳዎቹ የአሜሪካ ግዛቶች በቆዳ ስፋት የመጨረሻዋ የሆነችው ይህች የባሕር ዳር ግዛት እስከዚያ ቀን ድረስ ከሁሉም የረዘመውን ስም ተሸክማ ትኖር ነበር፤ ሙሉ መጠሪያዋ «የሮድ አይላንድና የፕሮቪደንስ ፕላንቴሽንስ ግዛት» ነበር። «ፕላንቴሽን» የሚለው ቃል ለዛሬው አሜሪካዊ ጆሮ የጥጥ እርሻን፣ ጅራፍንና ባርነትን ስለሚያስታውስ ከስሙ ይውጣ የሚለው ጥያቄ ለዓመታት ሲነሳ ቆይቷል። በ2010 በተካሄደው ሕዝበ ውሳኔ ከመቶ 78 ያህሉ «አይለወጥም» ብለው ነበር። ጆርጅ ፍሎይድ በፖሊስ እጅ በተገደለበት ዓመት ጥያቄው እንደገና ሲቀርብ ግን ከመቶ 53 ያህሉ «ይለወጥ» አሉ፤ ቃሉም ወጣ።

ቃሉ በመውጣቱ ቅር አላለኝም። በየቀኑ በመንግሥት ወረቀት ላይ የሚያነበው ዜጋ ካመመው ማውጣቱ ነውር የለውም። የምቃወመው ከዚያ ወዲህ የሰፈነውን «ያለፈውን ዘግተናል» የሚል ስሜት ነው፤ ምክንያቱም የግዛቲቱን የባሪያ ንግድ ታሪክ በቅርብ ላየ ሰው የተደረገው ነገር «አህያውን ፈርቶ ዳውላውን» ሆኖ ይታየዋል። የተፋቀው ቃል ሲሰየም ከባርነት ጋር ግንኙነት አልነበረውም። በ17ኛው መቶ ዘመን እንግሊዝኛ ፕላንቴሽን ማለት አዲስ የሰው ሰፈራ ማለት ብቻ ነበር። ባሪያ የጫኑት መርከቦች በብዛት የተነሡት በስሙ ውስጥ ከቀረው ከሌላው ክፍል፣ ከደሴቱ ነው።

የስሙ ሁለት ክፍሎች በመጀመሪያ ሁለት የተለያዩ ሰፈራዎች ነበሩ። ሮጀር ዊልያምስ የተባለው ሰባኪ መንግሥት በሰው ህሊና ላይ ሥልጣን የለውም፣ የእንግሊዝ ንጉሥም የአገሬውን ሕዝብ መሬት የመስጠት መብት የለውም ብሎ በማስተማሩ በ1635 ከማሳቹሴትስ እንዲባረር ተፈረደበት። በክረምት በበረዶ ውስጥ ሸሽቶ የናራጋንሴት ሕዝብ አለቆች ከነበሩት ከካኖኒከስና ከሚያንቶኖሚ መሬት አግኝቶ በ1636 ፕሮቪደንስን ቆረቆረ። ከሁለት ዓመት በኋላ ደግሞ እነ አን ሃችንሰን እንደ እርሱ ከማሳቹሴትስ ተባረው በናራጋንሴት ባሕረ ሰላጤ ውስጥ ባለው በአኲድኔክ ደሴት ላይ ፖርትስመዝን መሠረቱ፤ በ1639 ኒውፖርት ተከተለች። ሮድ አይላንድ ተብሎ የተጠራው ይህ ደሴት ነው። ዛሬ አብዛኛው የግዛቲቱ መሬት በየብስ ላይ ሆኖ ሳለ ግዛቲቱ ሁሉ «ደሴት» የምትባለው በዚህ ምክንያት ነው።

የዊልያምስ ሰፈራና ጎረቤቱ ዋርዊክ በ1652 ያወጡት ሕግ ማንም ሰው፣ ጥቁርም ይሁን ነጭ፣ ከአሥር ዓመት በላይ በባርነት እንዳይያዝ የሚከለክል ነበር። የደሴቱ ከተሞች በዚያ ወቅት በዊልያም ኮዲንግተን አስተዳደር ተለይተው ስለነበር በዚህ ሕግ አልተሳተፉም። ሕጉ በተግባር የዋለ አይመስልም፤ ቢሆንም ምጸቱ አይጠፋም። በእንግሊዝ የሰሜን አሜሪካ ቅኝ ግዛቶች ከወጡት ፀረ ባርነት ሕጎች ቀዳሚ የሆነውን ያወጡት «ፕላንቴሽንስ» የተባሉት ሰፈራዎች ናቸው።

በ1663 ንጉሥ ቻርልስ 2ኛ ለሁለቱም ወገን አንድ ቻርተር፣ ማለትም የመተዳደሪያ ሰነድ፣ ሰጣቸው። ቻርተሩ በሃይማኖት አስተሳሰቡ ምክንያት ማንም እንዳይነካ የሚደነግግ፣ ገዥያቸውንም ራሳቸው እንዲመርጡ የሚፈቅድ ስለነበር ለዘመኑ እንግዳ ነገር ነበር። ሮድ አይላንዳውያን በዚህ ወረቀት እስከ 1843 ድረስ ተዳድረዋል። የግዛቲቱ ጠባይ፣ «ማንም ከውጭ መጥቶ አያዘንም» የሚለው ግትርነት፣ ከዚህ የተወለደ ይመስለኛል። ኩዌከሮች የተባሉት ክርስቲያኖችና አይሁዶች፣ በሌላው ቅኝ ግዛት የሚገረፉና የሚባረሩ ሁሉ፣ እዚህ መጠለያ አገኙ። በ1763 የተመረቀው የኒውፖርት ምኩራብ ዛሬም ቆሟል፤ ጆርጅ ዋሽንግተን በ1790 ለምእመናኑ በላከው ደብዳቤ የአሜሪካ መንግሥት ለጥላቻ ፈቃድ፣ ለስደትም እርዳታ እንደማይሰጥ አረጋግጦላቸዋል። ሙሉ እኩልነት ነበር ማለት ግን አይደለም። ኒውፖርት ይኖር የነበረው ታዋቂ ነጋዴ አሮን ሎፔዝ በ1762 አይሁዳዊ በመሆኑ የዜግነት መብት ተከልክሎ፣ መብቱን ያገኘው ዊልያምስን ባባረረችው በማሳቹሴትስ ነው።

በዚያ ግትርነት የተጠለለው ግን ስደተኛው ብቻ አልነበረም። በ1764 መጀመሪያ የሮድ አይላንድ ምክር ቤት ወደ ለንደን የላከው አቤቱታ ለዚህ ከማውቃቸው ምስክሮች ሁሉ የተሻለው ነው። እንግሊዝ ከካሪቢያን ደሴቶች በሚገባው የስኳር አተላ፣ በሞላሰስ፣ ላይ ቀረጥ ልታጸና ስትነሣ ምክር ቤቱ አጥብቆ ተቃወመ፤ ጽሑፉ ወደ አሜሪካ አብዮት ካመሩት የመጀመሪያ ይፋ ተቃውሞዎች አንዱ ተደርጎ በኩራት ይጠቀሳል። ክርክሩን ገልጦ ያነበበ ሰው ግን ሌላ ነገር ያገኛል። ቅኝ ግዛቲቱ ሞላሰሱን ሩም የሚያደርጉ ከ30 የሚበልጡ ማጣሪያዎች እንዳሏት፣ በየዓመቱም 18 ያህል መርከቦች 1,800 በርሜል ያህል ሩም ጭነው ወደ አፍሪካ ዳርቻ እንደሚሄዱ፣ እዚያም ሩሙ በባሪያ እንደሚለወጥ ምክር ቤቱ ራሱ ያስረዳል። ይህን የጻፈው ለመናዘዝ አልነበረም፤ ንግዱ ምን ያህል ጠቃሚ እንደሆነ ለማሳመን ነበር። የነፃነት አቤቱታውና የባሪያ ንግዱ ሒሳብ በአንድ ወረቀት ላይ፣ በአንድ ብዕር ተጽፈዋል።

በዚያው ዓመት ከፕሮቪደንስ የተነሣችው «ሳሊ» የተባለች መርከብ ምን እንዳደረገች የመርከቢቱ ሒሳብ መዝገብ ይመሰክራል። ባለቤቶቿ የብራውን ወንድማማቾች ነበሩ፤ በፕሮቪደንስ ያለው ብራውን ዩኒቨርሲቲ በኋላ ስሙን የወሰደው ከዚህ ቤተሰብ ነው። ካፒቴኑ ኢሴክ ሆፕኪንስ ከአፍሪካ 196 ሰዎች ገዛ፤ ቢያንስ 109ኙ በበሽታ፣ በረሃብ፣ በአመፅና ራስን በማጥፋት ሞቱ። ሆፕኪንስ ከአሥር ዓመት በኋላ የአሜሪካ አብዮታዊ ባሕር ኃይል የመጀመሪያ አዛዥ ሆኖ ተሾመ። ከወንድማማቾቹ አንዱ ሞዝዝ በኋላ ባሪያዎቹን ነፃ አውጥቶ የንግዱ ጠላት ሲሆን፣ ወንድሙ ጆን ግን ንግዱን በግልጽ ሲከላከል ኖሮ በ1797 በፌዴራሉ ፀረ ባሪያ ንግድ ሕግ በመጀመሪያ ከተከሰሱት ሰዎች አንዱ ሆነ።

ሮድ አይላንድ በ1787 ነዋሪዎቿ በንግዱ እንዳይሳተፉ የሚከለክል ሕግ አወጣች፤ ከሕጉ በኋላ ግን ንግዱ እያደገ ሄደ። በግዛቲቱ የወደብ ከተማ በብሪስቶል የሚኖረው የዲዎልፍ ቤተሰብ የከበረው በዚህ ዘመን ነው። የኒውፖርት ጉምሩክ አስቸጋሪ ሲሆን ብሪስቶል የራሷ የጉምሩክ ጣቢያ እንዲከፈትላት አደረጉ፤ በ1804 ደግሞ የጄምስ ዲዎልፍ ዘመድና ራሱም ባሪያ ነጋዴ የነበረው ቻርልስ ኮሊንስ የጣቢያው ሹም ሆነ። «ማንም አያዘንም» ማለት እስከዚህ ይደርሳል። ጄምስ ዲዎልፍ ኋላ የአሜሪካ ሴናተር ሆኗል። የታሪክ ጸሐፊዎች እንደሚገምቱት ከአሜሪካ ወደቦች ከተነሡት የባሪያ ጉዞዎች ከግማሽ በላይ የሚሆነውን ያካሄደችው ይህች ትንሽ ግዛት ናት፤ በመርከቦቿ የተጫኑት አፍሪካውያንም ከ100,000 ይበልጣሉ።

እዚህ ላይ የሚመጣውን ተቃውሞ አውቃለሁ፤ ተገቢም ነው። ከባሕረ ሰላጤው በስተ ምዕራብ፣ በናራጋንሴት አገር፣ በባሪያ ጉልበት የሚሠሩ ሰፋፊ የፈረስና የወተት እርሻዎች ነበሩ፤ ስለዚህ ቃሉ ዛሬ በሚያስተላልፈው ትርጉሙም ፈጽሞ ባዳ አልነበረም። ዊልያምስም ቢሆን ንጹሕ አልነበረም። በ1675 ዲሴምበር የጎረቤት ቅኝ ግዛቶች ጦር ናራጋንሴቶችን በታላቁ ረግረግ ከፈጃቸው፣ በሚቀጥለው ማርች ደግሞ ፕሮቪደንስ ከተቃጠለች በኋላ፣ የተማረኩትን የአገሬው ሰዎች ለአገልጋይነት በመሸጡ ሥራ ላይ የተሰየመው ኮሚቴ መሪ ይኸው የህሊና ነፃነት ሰባኪ ነበር። ናራጋንሴቶችን ግዛቲቱ በ1880 ነገድነታቸውን ሰርዛ መሬታቸውን ገዛች፤ የፌዴራሉ መንግሥት እንደገና እንደ ነገድ ያወቃቸው በ1983 ነው። እነዚህ ሁሉ የኔን ክርክር ያጠናክሩታል እንጂ አያፈርሱትም፤ በደሉ በአንድ ቃል ውስጥ ተጠቅልሎ የሚወጣ ቢሆን ኖሮ እዚህም እዚያም ባልተገኘ ነበር።

ስለዚህ ሮድ አይላንድ ማን ናት ለሚለው ጥያቄ የግዛቲቱ ሰዎች የሚሰጡት የተለመደ መልስ፣ «የስደተኞችና የህሊና ነፃነት አገር ነን፤ የባሪያ ንግዱ በመካከል የገባ ጉድፍ ነው» የሚለው፣ አያሳምነኝም። ያው ራስን በራስ የማስተዳደር መብት ኩዌከሩንም ባሪያ ጫኙንም ከለለ። የብራውን ዩኒቨርሲቲ በፕሬዚዳንቱ በሩት ሲመንስ ዘመን፣ በ2006፣ ከባሪያ ንግድ ጋር ያለውን ግንኙነት መርምሮ ያወጣው ሪፖርት አንድን ስም ከማሳጠር የበለጠ ሥራ ሠርቷል፤ መዝገቡን አውጥቶ ለሕዝብ አስነብቧልና። የግዛቲቱ ምክር ቤትም የ1764ቱን አቤቱታ ሲያወሳ በሁለቱም ዓይኑ ቢያነበው እወዳለሁ።

ስለ ስም ካነሣን አይቀር፣ ኒውፖርት ውስጥ «የእግዚአብሔር ትንሽ መሬት» እየተባለ የሚጠራ አፍሪካውያን የተቀበሩበት ጥንታዊ መካነ መቃብር አለ። በዚያ ካሉት የመቃብር ድንጋዮች በአንዱ ላይ የቀረጸው ሰው ሥራውን ፈርሞበታል፤ ይህን ድንጋይ ፖምፔ ስቲቨንስ በዲሴምበር 27 ቀን 1768፣ በ40 ዓመቱ ለሞተው ወንድሙ ለከፊ ጊብስ መታሰቢያ ቀረጸው ይላል። ወንድማማቾቹ በአባት ስም የማይገናኙት እያንዳንዳቸው የጌታቸውን ስም ስለያዙ ነው።