ይድረስ ዘመን ለምትበላው ኮሪደር

ቁጥር፦ ገና ወጪ አልተደረገም
ቀን፦ አንተው ሙላው፣ እንደለመድከው
ጉዳዩ፦ የጫንክብኝን ዓመታት መልሰህ እንድትረከበኝ ስለመጠየቅ

የተከበርክ የሁለተኛ ፎቅ ኮሪደር ሆይ፣

ልጆች ሳለን በተረት የሚያስፈራን አንድ ቦታ ነበር። የገባበት ሰው አንድ ሌሊት አድሮ ሲወጣ ዘመኑ ተቀይሮ፣ ያውቁት የነበሩት አልቀው ያገኛል። ያ ቦታ እዚሁ ደሴ፣ ደረጃውን ጨርሰው ወደ ግራ ሲታጠፉ፣ «2፡30 ይከፈታል» የሚል ወረቀት የተለጠፈበት መሆኑን ማን ነገረን?

ሸሆቹ ሲነግሩን የዋሻው ወጣቶች 309 ዓመት ተኝተው ሲነቁ «አንድ ቀን ወይም የቀኑን ከፊል ቆየን» አሉ። ቄሶቹ ሲነግሩን ደግሞ አቤሜሌክ 66 ዓመት ተኝቶ ሲነቃ የያዘው በለስ ወተቱ እንኳ አልደረቀም። አንተ ዘንድ ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው፤ አንድ ማለዳ ቆሜ ስምንት ዓመት ሊሞላ ጥቂት ወራት የቀሩት እድሜ ተሸክሜ ወጣሁ። የድጋፍ ደብዳቤዬማ እጄ ላይ እንዳለ ጊዜው አለፈበት።

ባለፈው ሰኞ ነው። የጦሳ ጉም ሳይገለጥ ካኪ ፖስታዬን ታቅፌ ግድግዳህን ተደገፍኩ። ፖስታው ውስጥ ምን እንዳለ ለአንባቢ አልዘረዝርም፤ ሁላችሁም ተሸክማችሁታል። የፈለግሁት የልደት የምስክር ወረቀት ነው። የተወለድኩት ሚያዝያ 12 ቀን 1985 ነው፤ ቅጹንም እንደዚያው ሞላሁ። ተራዬ ሲደርስ ልጅቷ «አንተ፣ ቅረብ» አለችኝ። ቀኔን እንዳለ አንስታ የፈረንጆቹ ሳጥን ውስጥ ከተተችው፦ 12፣ 8፣ 1985። ማሽኑ ታማኝ ነው፤ ወደ እኛው አቆጣጠር መለሰላት። ማተሚያው አቃሰተ፣ ወረቀቱ ወጣ። ነሐሴ 6 ቀን 1977።

«እህቴ፣ ይሄ የእኔ አይደለም» አልኳት።

«ስምህ አይደለም እንዴ?»

«ስሙ የእኔ ነው፣ ዘመኑ ግን…»

«ሲስተሙ ነው የቀየረው። አብሽር፣ ቀን እኮ ነው።»

ቀን እኮ ነው! ስከራከር ጊዜ አንገቷን በመስኮቱ አውጥታ ወረፋውን ጠየቀች፦ «እስቲ እናንተ ፍረዱ፣ ይሄ ሰውዬ ስንት ዓመት ይሆነዋል?» ወረፋው ከማለዳ ጀምሮ ሥራ አጥቶ የቆመ ወረፋ ነው፤ ሥራ አገኘ። አንዱ ፀጉሬ መሳሳቱን ጠቆመ። አንዷ ከጎን አይታ «ዐርባን አልፏል» አለች። ከኋላ አንድ ሽማግሌ ከዘራቸውን ተደግፈው ጠጋ አሉና፣ ግንባሬን አጢነው፣ «ኧረ ከዚያም ይዘላል» ብለው አጸደቁ። ልጅቷም ማኅተሟን አሳረፈችና ወረቀቱን በሁለት እጇ ሰጠችኝ፦ «ይውሰዱ፣ ጋሼ።» አንተ ተብዬ ገብቼ አንቱ ተብዬ ወጣሁ።

ለማረም? የፍርድ ቤት ትእዛዝ ያስፈልጋል፤ ለትእዛዙ ምስክር። ያውም ስወለድ የነበሩ። አዋላጇ ነፍሷን ይማረውና ከሞተች ቆየች፤ አንተ ግን ዘመን መመለስ ስለምታውቅበት ትጠራት ይሆናል።

ቤት ስደርስ ታላቅ ወንድሜ ወረቀቱን አነበበና ከመቀመጫው ብድግ አለልኝ። በ81 የተወለደ ሰው ነዋ፣ ታላቁን ማክበር አለበት። እናቴ ግን አልሳቀችም። መነጽሯን አድርጋ ቁጥሩ ላይ ቆየችና «እኔ እኮ ያገባሁት በ79 ነው» አለች። ከዚያ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፦ «በሰባ ሰባት የቀበርኩት ወንድም አለኝ እንጂ፣ የወለድኩት ልጅ የለኝም።»

ኮሪደር፣ እዚህ ላይ ቀልዴን አንሣልኝ። ወሎ ውስጥ ሰባ ሰባት ተራ ቁጥር አይደለም። ከኮረም እስከ ባቲ የረሃብ መጠለያው ሲነጋ ሬሳ ያወጣበት ዓመት ነው። ስንቱ ልጅ ሳይመዘገብ፣ ስም እንኳ ሳይወጣለት የተቀበረበት ዓመት ነው። ያንን ዓመት አንስተህ፣ ሳጥን አሳስተህ፣ በማኅተም አትመህ ለእናቴ ላክህላት። ስህተት ነው ስንልህ ደግሞ «ቀን እኮ ነው» አልከን። ቀን አይደለም! ያቺ ልጅ ወሎዬ ናት፤ እሷም ቤት በሰባ ሰባት የሞተ አይጠፋም። አንዴ ቁጥሩን ቀና ብላ ብታየው ምን ነበረበት?

የቀረው ቅሬታዬ አሮጌ ነው። ቡናው አቦል ላይ ሳለ «አሁን እንጀምራለን»፣ በረካው ሲያልቅ «የምሳ ሰዓት ደርሷል»። ማኅተሙ መሳቢያ ውስጥ፣ መሳቢያው ቢሮ ውስጥ፣ ቁልፉ ስልጠና ላይ። አዋጅ ቁጥር 760/2004 ልደት በ90 ቀን ይመዝገብ ይላል፤ ሕፃን አቅፎ የተሰለፈ አባት ግን ልጁን ጢም አብቅሎ እንዳይመልሰው ይጠንቀቅ።

ስለዚህ የምጠይቅህ ሁለት ነገር ነው። ወይ ዓመቶቼን አንሣልኝ፣ ወይም ካላነሣህ የእነዚያን ዓመታት ደመወዝና የጡረታ መዋጮ አስብልኝ፤ ሠርቼባቸዋለሁ ብሎ ያመነው የራስህ ማሽን ነው። መልሱን በጽሑፍ እጠብቃለሁ። «ነገ ተመለስ» እንደ መልስ አይቆጠርም።

ከሰላምታ ጋር
አንተው ያስረጀኸኝ ባለጉዳይ

ግልባጭ፦
ለታላቅ ወንድሜ (ለጊዜው ታናሼ)
ለወረፋው ሽማግሌ፣ ለምስክርነት እንዲዘጋጁ
ለመዝገብ ቤት፣ ቁልፉ ከስልጠና ሲመለስ