«ወርሃዊውን ይችላሉ ወይ?»

ኧረ ጎበዝ! አንድ ጥያቄ እኮ ነው የጠየቀው። አንድ! «ታዲያ ሁሉም ተደምሮ፣ እስኪያልቅ ድረስ፣ ስንት ነው የምከፍለው?» አለ ለቤት መግዣ ሊበደር ባንክ የመጣው ሰውዬ። ባርኔጣውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ በትሕትና።

የባንኩ ልጅ ከኮምፒውተሩ ቀና እንኳ አላለም። «ጋሼ፣ እሱ አሁን ምን ያደርግልዎታል? ወርሃዊው 11,011 ነው። ይችላሉ አይችሉም?»

«እችላለሁ፤ ግን ድምሩን...»

«ከቻሉ አለቀ!» ከዚያ ወደ ጎን ዞር ብሎ ለባልደረባው፣ ሰውዬው እየሰማ፣ «ቤት ሊገዛ መጥቶ ሒሳብ ይማራል» አለና ሳቀ። እሷም ሳቀች። ሰውዬውም አብሮ ሳቀ። አንጀት የሚያሳርረው ይሄ ነው። አፍሮ ሳቀ።

በቃ ልጁ ያልነገረውን እኛ እንነግረዋለን። ብድሩ 1,000,000፣ ወለዱ በዓመት 12 ከመቶ፣ ዘመኑ 20 ዓመት፣ ወርሃዊው በትክክል 11,010.86። በ240 ወር ሲባዛ 2,642,607 ይመጣል። ይኸው! ማባዛት ናት። ልጆች ትምህርት ቤት ገና ሳይጎረምሱ የሚማሯት ማባዛት። 1 ሚሊዮን ተበድሮ 1,642,607 ወለድ መክፈል ማለት ነው። ሰውዬው ለራሱ አንድ ቤት ሲገዛ ለባንኩ ደግሞ ከአንድ በላይ ቤት ይገዛለታል። ይቺን ለመናገር ካልኩሌተሩ ላይ ስንት ቁልፍ መጫን ያስፈልጋል? ስምንት? ዘጠኝ?

«በሬ ሆይ በሬ ሆይ፣ ሳሩን አየህና ገደሉን ሳታይ» ይባል የለ? እዚህ ግን በሬው ገደሉን ሊያይ አንገቱን ሲያሰግግ «ሳሩን ይችላሉ ወይ?» ብለው ነው የሚመልሱት።

እና ድምሩ እኮ ገና ቀላሉ ንዴት ነው። የሚያሳብደው የክፍያ ሰሌዳው ነው፤ ያ 240 ረድፍ ያለው ሰንጠረዥ። በዓመት 12 ከመቶ ማለት በወር 1 ከመቶ ነው። የ1 ሚሊዮን 1 ከመቶ 10,000። ስለዚህ ከመጀመሪያው 11,011 ውስጥ 10,000ው ወለድ ነው፤ ዋናውን ብድር የምትነካው 1,011 ብቻ ናት። በሚቀጥለው ወር ወለዱ በቀረው በ998,989 ላይ ይታሰብና 9,990 ይሆናል። 10 ቀነሰ! ደስ ይበላችሁ! እንዲህ እየተንፏቀቀ ዓመት ይሞላል። 132,130 ተከፍሏል፤ ዕዳው የቀነሰው 12,820። ውሃ ቢወቅጡት እንቦጭ።

አምስት ዓመት ሲሞላ የተከፈለው 660,652 ነው። የቀረው ዕዳ 917,443። አዎ፣ በትክክል ነው ያነበባችሁት። ሰው ልክ በዚህ ጊዜ ሥራ ይቀይርና ቤቱን ልሽጥ ይላል፤ ወይ ትዳር ይፈርስና ንብረት እንካፈል ይባላል። «ስንት ቀረብኝ?» ብሎ ይሄዳል። ቁጥሩን ሲነግሩት «ተሳስታችኋል!» ብሎ ይጮሃል። አልተሳሳቱም። አስቀድመው አልነገሩትም እንጂ ሒሳቡስ ልክ ነው። ከወርሃዊው ውስጥ ለዋናው የሚውለው ለወለድ ከሚሄደው የሚበልጠው ከ172ኛው ወር ጀምሮ ነው፤ 14 ዓመት ከ4 ወር! ዕዳው ራሱ ግማሽ የሚደርሰው 15ኛው ዓመት ሲሞላ ነው። የ20 ዓመት ብድር ግማሹ 10 ዓመት ላይ የሚያልቅ የሚመስለው ስንቱ ነው?

ልብ በሉ፣ ይሄ ሌብነት ነው እያልኩ አይደለም። ወለድ በቀረው ዕዳ ላይ ይታሰባል፤ ወርሃዊው ደግሞ ሁልጊዜ እኩል እንዲሆን ተደርጓል። መጀመሪያ ላይ ዕዳው ትልቅ ስለሆነ ወለዱ ክፍያውን ይውጠዋል፣ በቃ። የሚያናድደው ይሄን የሚያሳየው ወረቀት እዚያው ማሽኑ ውስጥ እያለ፣ አንድ ቁልፍ ተጭኖ የሚወጣ ሆኖ ሳለ፣ ጠያቂው እንደ ሞኝ መታየቱ ነው።

ደግሞ «ጋሼ፣ ከከበደዎት 30 ዓመት እናድርግልዎት» አለው! ውለታ መዋሉ ነው እኮ! 30 ዓመት ቢያደርገው ወርሃዊው 10,286 ይሆናል። የቀነሰው 725። ድምሩ ግን 3,703,000 ይደርሳል፤ በወር 725 ለማዳን ከ1 ሚሊዮን በላይ ጭማሪ። ወደ 15 ዓመት ቢያሳጥረው ደግሞ ወርሃዊው 12,002፣ ድምሩ 2,160,302። በወር 991 ጨምሮ 482,000 ያተርፋል። ይቺኛዋን ለምን አላቀረበለትም? እናንተው መልሱት። ወርሃዊው አልችለው ያለ ሰው ማስረዘሙ ግዴታ ሊሆንበት ይችላል፣ ይገባኛል። ግን ዋጋው ይነገረው!

ማስታወቂያዎቹንማ ተዉአቸው። «በ7 ከመቶ ወለድ ብቻ!» የሚለውን አይታችሁታል አይደል? ሥሩ ላይ በጉንዳን ፊደል «በመነሻ ብድሩ ላይ የሚታሰብ» ይላል። ማለት ዕዳው ቢቀንስም ባይቀንስም ወለዱ በየዓመቱ በሙሉው ሚሊዮን ላይ ነው፤ 70,000 ሲባዛ 20፣ 1,400,000። በ19ኛው ዓመት ዕዳው ትንሽ ቀርቶ እንኳ በሙሉው ሚሊዮን ወለድ ይከፈላል። እየቀነሰ በሚሄድ ዕዳ ላይ ወደሚታሰበው ወለድ ሲመነዘር ያ «7» ወደ 10.5 ከመቶ ይጠጋል። አንዱ ባንክ 10፣ ሌላው 7 ቢላችሁ እና 7ቱ በመነሻ ብድር ላይ ከሆነ፣ ርካሹ 10ሩ ነው። «ወለዱ የሚታሰበው በቀረው ዕዳ ላይ ነው በመነሻው?» ብላችሁ ጠይቁ። ፊታቸው ሲለዋወጥ ታያላችሁ።

ወደ ሰውዬው ልመለስ። ፎርሙ ላይ «የአገልግሎት ክፍያ 3 ከመቶ» የምትል መስመር ነበረች። 30,000። «እሱን ከብድሩ ጋር እንደምርልዎታለን፣ ከኪስዎ አይወጣም» አለው። ከማን ኪስ ሊወጣ ነው? ከብድሩ ጋር ስትደመር እሷም የ20 ዓመት ወለድ ትወልዳለች፦ በወር 330፣ በመጨረሻው 79,278። እዚያው በጥሬው ቢከፍላት 30,000 ናት። ቀንሰው 970,000 ቢሰጡት ደግሞ እውነተኛው ወለድ 12 ሳይሆን ወደ 12.5 ይሆናል፤ በአምስተኛው ዓመት ብድሩን ከዘጋ ወደ 12.8። ባንክ ከባንክ ሲወዳደር በዚህ ነው እንጂ ግድግዳው ላይ በተለጠፈው ቁጥር አይደለም።

ሌላም አለ። የቤቱ ግምት ማስወጫ፣ መያዣው የሚመዘገብበት፣ የውል ማጽደቂያ፣ የቤቱ መድን፣ ተበዳሪው ቢሞት ዕዳውን የሚዘጋው የሕይወት መድን። የመድኑ አረቦን በየዓመቱ ነው፤ 20 ጊዜ። የሕይወት መድኑ ዋስትና ከዕዳው ጋር ይቀንሳል፣ አረቦኑ ግን ይቀንሳል ወይ? ብዙ ጊዜ ንቅንቅ አይልም። የቤት ግብር አለ። ከዚያ ጣሪያው፣ ቧንቧው፣ ቀለሙ። በተለምዶ ለጥገና በዓመት የቤቱን ዋጋ 1 ከመቶ ያዙ ይባላል። ቤቱ 1,250,000 ከሆነ 12,500 ነው፤ በ20 ዓመት 250,000፣ ያውም ዋጋ ሳይጨምር። 20 ከመቶ ቅድመ ክፍያ ከፍሎ ከሆነ የቅድመ ክፍያውን ያህል እንደገና ማለት ነው! «ወርሃዊው ከኪራይ ያንሳል» የሚሉ ሰዎች ይቺን ረስተዋት ነው። ተከራይ ቧንቧ ሲፈነዳ አከራይ ይጠራል። ባለቤትስ ማንን ይጠራል?

ውሉ ላይ ደግሞ «ባንኩ የወለድ መጠኑን እንደ አስፈላጊነቱ ማሻሻል ይችላል» የምትል አንቀጽ። «ማሻሻል»! ቃሏን ወደድኳት። ወደ ታች የተሻሻለ ስንቱን አይታችኋል? ገና በመጀመሪያው ዓመት 15 ከመቶ ቢያደርጉት ወርሃዊው ወደ 13,168 ይጠጋል። ወርሃዊውን ሳይነኩ ቢተዉት ደግሞ የባሰ ነው፦ በ15 ከመቶ የወሩ ወለድ ብቻ 12,500 ነው፣ የሚከፈለው 11,011። ጎደሎው 1,489 ዕዳው ላይ ይደመራል፤ የሚቀጥለው ወር ጎደሎ ደግሞ ከዚያም ይበልጣል። በየወሩ እየከፈሉ ዕዳ ማሳደግ! ስለዚህ ከመፈረም በፊት ሦስት ነገር መታወቅ አለበት፦ ወለዱ በየስንት ጊዜው ይቀየራል፣ ጣሪያ አለው ወይ፣ ሲጨምር የሚለወጠው ወርሃዊው ነው ወይስ ዘመኑ። ቃል አይበቃም፤ ውሉ ላይ ይጻፍ።

«የእፎይታ ጊዜ»ም አለላችሁ። ስሙ ራሱ እፎይ ያሰኛል። ቤቱ እስኪያልቅ ሁለት ዓመት አይከፈልም። ወለዱ ግን አያርፍም፣ ቅዳሜ እሑድም የለውም። በየወሩ ዕዳው ላይ ከተደመረ ሚሊዮኗ በ24 ወር 1,269,735 ትሆናለች። በቀረው 18 ዓመት ልክፈል ሲል ወርሃዊው 14,373። ማን እፎይ አለ? ቢያንስ የእፎይታውን ወለድ በየወሩ መክፈል ከተቻለ ዕዳው እዚያው ሚሊዮን ላይ ይቆያል።

አንድ ወዳጃችን ሁልጊዜ «ገንዘብ ዋጋ ያጣል፣ ዛሬ የከበደህ ነገ ይቀልሃል» ይላል። ልክ ነው፤ ወለዱ ካልተቀየረ፣ ደመወዙም አብሮ ካደገ። ሁለቱም «ካ»ዎች ናቸው። ከ1 ሚሊዮኑ ጋር 2.6 ሚሊዮኑን በቀጥታ ማወዳደር ሙሉ ፍርድ እንዳልሆነም አውቃለሁ፣ አትጨቅጭቁኝ። ግን ይሄም ክርክር ቢሆን ድምሩ ከታወቀ በኋላ ነው የሚመጣው።

አሁን የሚያንገበግበኝ፣ ለሰውዬው ሊነገረው የሚገባ የነበረው እና ትንፍሽ ያላሉት ነገር። ትርፍ ገንዘብ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ዋናው ላይ ከወረደ ተአምር ይሠራል። በወር 1,000 ብቻ እየጨመረ ቢከፍል ብድሩ በ20 ሳይሆን በ15 ዓመት ያልቃል፤ ከጠቅላላው ላይ ወደ 485,000 ይቀንሳል። አንድ ጊዜ 50,000 አግኝቶ በአንደኛው ዓመት መጨረሻ ዋናው ላይ ቢያወርዳት ከመጨረሻው ሦስት ዓመት ትቆርጣለች፤ 50,000ዋ ራሷ ተቀንሳ የሚተርፈው ወደ 352,000 ነው። ያችኑ 50,000 በ15ኛው ዓመት መጨረሻ ቢያወርዳት 8 ወር ገደማ ብቻ፣ ትርፉም ወደ 38,000። ሳይቃጠል በቅጠል።

ግን ዝም ብሎ ገንዘብ ማስገባት አይበቃም! ስንቱ እዚህ ላይ ተበልቷል። ካልተነገራቸው «የሚቀጥለው ወር ቅድሚያ ክፍያ» ብለው ያስቀምጡታል፤ ዋናው ዕዳ ንክች አይልም። ውዝፍ ካለ ደግሞ መጀመሪያ ቅጣቱ፣ ቀጥሎ ወለዱ ይነሳበታል፣ ለዋናው የሚደርሰው ፍርፋሪው ነው። በጽሑፍ «ከዋናው ብድር ይቀነስልኝ» ይባላል። ከዚያ «ወርሃዊው ይቀነስልህ ወይስ ዘመኑ ይጠር?» ይላሉ፤ ወርሃዊው ካልከበደ ዘመኑ ይጠር። በሚቀጥለው ወር የሒሳብ መግለጫው ላይ የቀረው ዕዳ መውረዱ ይታያል። ከሁሉ በፊት ግን ውሉ ላይ ቀድሞ መክፈል የሚያስቀጣ አንቀጽ መኖር አለመኖሩ ይነበብ፤ ካለ ስንት ከመቶ፣ እስከ ስንተኛው ዓመት።

ኤክሴል የሚችል ሰው ቤቱ ሆኖ ራሱ ያወጣዋል። ፒኤምቲ (PMT) የምትባል ቀመር አለች፤ የወር ወለዱን፣ የወሩን ብዛት፣ ብድሩን ትሰጧታላችሁ፣ ወርሃዊውን ትሰጣችኋለች። የባንኩ ቁጥር ከእሷ በብዙ ከበለጠ ውስጡ ያልተነገረ ነገር አለ።

ሰውዬውማ ፈረመ። ምን ያድርግ? ሦስት ቦታ፣ በየገጹ ፊርማ፣ ከነመታወቂያው ቅጂ። ከፈረመ በኋላ ነው ያ ሰሌዳ ከማሽኑ ተስቦ የወጣው፤ ትኩስ፣ 240 ረድፍ። እጁን ሲዘረጋ ልጁ ቀደመውና የመጨረሻውን ገጽ ገለጠለት። ጣቱን ከታች ባለችው ረድፍ ላይ አድርጎ፣ «አዩ ጋሼ? ሲጨነቁ ነበር፤ ወለዱ እኮ 109 ብቻ ነው!»