«ካሳውን በልቶ ጨረሰው» አትበሉ

ወገኖቼ፣ ዛሬ የምቆጣው ወረዳውን አይደለም፤ እናንተን ነው። አያት፣ የካ አባዶ፣ አራብሳ፣ ኮዬ ፈጬ፣ ቱሉ ዲምቱ የምንኖረውን ሁላችንንም። የኮንዶሚኒየም እጣ ቁልፍ የተቀበልንበት ሰፈር በቅርቡ ጤፍ የሚታጨድበት ማሳ ነበር። ታዲያ ታክሲ ውስጥ የልማት ተነሺ፣ ማለትም መሬቱ ለልማት ተወስዶበት ካሳ የተከፈለው ገበሬ፣ ወሬ በተነሳ ቁጥር መልሳችን አንድ ነው። «ሚሊዮን ተሰጥቶት፣ ሚኒባስ ገዝቶበት፣ ጠጥቶ ጨረሰው።» ከዚያ እንስቃለን። በሰው ቁስል እንጨት ስደድበት ማለት ይሄው ነው።

እስቲ ሚሊዮኑን እንመንዝረው። አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ማሳውን ለዘለቄታው ለቆ ምትክ መሬት ላላገኘ ገበሬ ካሳ የሚያስበው እንዲህ ነው፤ ካለፉት 3 ዓመታት ትልቁን የዓመት ገቢ ይወስድና በ15 ያባዛዋል። ከሱ በፊት የነበረው የ1997ቱ አዋጅ ደግሞ የ5 ዓመት አማካይ ይዞ በ10 ነበር የሚያባዛው። አንድ ሄክታር 15 ኩንታል ጤፍ ሰጠ እንበል። ኩንታሉን ለስሌት ያህል 10,000 ብር ያዙት። የዓመቱ ገቢ 150,000 ብር ነው። በ15 ሲባዛ 2,250,000 ብር ይመጣል። ታክሲ ውስጥ የሚያስቀን ብር ይሄ ነው። ግን አንድ ሄክታር 10,000 ካሬ ነው። ለካሬ 225 ብር ደረሰው ማለት ነው። ቤቱና ዛፉ ለብቻ ይገመታል፣ ልክ ነው። ቢሆንም 225 ብር ይዛችሁ አንድ ካሬ ቦታ የት ትገዛላችሁ? ማኪያቶና ኬክ ለሁለት ሰው አዛችሁ ሂሳቡን እዩት።

ነገሩ ምስጢር የለውም። ከ1967 ዓ.ም. ጀምሮ መሬት የግል አይደለም። ሕገ መንግሥቱም አንቀጽ 40 ላይ የመንግሥትና የሕዝብ ነው ይላል። ስለዚህ ካሳ የሚከፈለው ለሰብሉ፣ ለቤቱ፣ ለአጥሩ፣ ለተከለው ዛፍ፣ መሬቱ ላይ ላፈሰሰው ጉልበት ነው። ማሳው አስፋልት ዳር መሆኑ፣ ከተማው እየተጠጋው መምጣቱ አይቆጠርለትም። ያው መሬት ለሊዝ ጨረታ ሲወጣ ግን ሰው ዋጋ የሚሰቅለው በአቀማመጡ ነው። እኔን ከጠየቃችሁኝ መሬቱ የሕዝብ ሆኖ ይቆይ፤ ግን ከጨረታው በሚገኘው ትርፍ ውስጥ ገበሬው ድርሻ ቢኖረው ማንን ይጎዳል? «ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ» የሚለው ያው አንቀጽ 40 ነው። ተመጣጣኝ ከምን ጋር? ይህን ጥያቄ የምንጠይቀው ሜትሩ የእኛ አጥር ጋ ሲዘረጋ ብቻ ነው። ያኔ ሁላችንም ጠበቃ እንሆናለን።

ሌላም አለብን። የካሳ ገማች ሊመጣ ነው ሲባል በአንድ ሌሊት ችግኝ የምትተክሉ፣ ቆርቆሮ አቁማችሁ ቤት ነው የምትሉ ሰዎች፣ አራዳ የሆናችሁ መስሏችኋል። ገማቹ ሞኝ አይደለም። በእናንተ ጦስ አባቱ የተከሉትን ባሕር ዛፍ የሚያስቆጥረውን ሰውዬ በጥርጣሬ ያያል፣ ይቀንስበታል። የካሳ ኮሚቴ ውስጥ የገባችሁ የሰፈር ሰዎችም አላችሁ። ለዘመድ ካሬ ትጨምራላችሁ፣ ዘመድ ለሌላት አሮጊት ደግሞ ጓሮዋን ረስታችሁ ታልፋላችሁ። ይህንን ነውር እንኳ አንለውም፤ «በልቷል» ብለን በአድናቆት እናወራዋለን።

ሽማግሌዎችስ? ካሳው በባል ስም ገብቶ ሚስት «የኔስ ድርሻ?» ስትል «ቤትሽን አታፍርሺ» ብላችሁ የምትመልሷት እናንተ ናችሁ። ማሳውን አብራው አርማለች፣ አጭዳለች። ብሩ ሲያልቅ አብራው የምትራበውም እሷ ናት።

ጠጥቶ የጨረሰ የለም አልልም፣ አለ። ግን ዕድሜውን በሬ ጠምዶ የኖረን ሰው፣ ባንክ ገብቶ በማያውቅበት ዕድሜ፣ በአንድ ቀን ብር ሰጥቶ ሙያውን ነጥቆ «ነግድ» ማለት ምን የሚሉት ፍርድ ነው? ከባንኩ በር ላይ ደላላ ይጠብቀዋል። ያንን ደላላ እናውቀዋለን፤ አብረነው ቡና እንጠጣለን።

አዋጁ እኮ ባለይዞታው አቅም ካለው መሬቱን ራሱ የማልማት ቅድሚያ ይሰጠዋል። በግምቱ ቅር ካለውም መሬቱን ልቀቅ የሚለው ትእዛዝ ከደረሰው በ30 ቀን ውስጥ አቤቱታ ማቅረብ ይችላል። ስንቱ ተነሺ ይህን የሚሰማው ቀኑ ካለፈ በኋላ ነው! እኛ ግን ስልካችን ላይ አዋጁን በደቂቃ አውርደን ማንበብ እንችላለን። ጎረቤታችሁ ደብዳቤ ይዞ ሲመጣ ቁጭ ብላችሁ አንብቡለት። የደረሰበትን ቀን ጻፉለት። ካሬውን ከይዞታ ደብተሩ ጋር አስተያዩለት። ቁጥር ያልተሞላበት ወረቀት ላይ እንዳይፈርም ንገሩት። አቤቱታውን ጻፉለትና ቅጂው ላይ ማህተም አስመትቶ እንዲይዝ አድርጉ።