ያኑቺ ከቴሌቪዥን ወጥቶ ምን አተረፈ?

ስኮትላንዳዊው ጸሐፊና ዳይሬክተር አርማንዶ ያኑቺ ከቢቢሲ ተነስቶ ወደ አሜሪካ ቴሌቪዥን፣ ከዚያም ወደ ሲኒማ ሄዷል። በጀው ወይስ ጎዳው? ሁለት ተመልካቾች ተያዙበት። (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው።)

ባለ ቴሌቪዥኑ፦ ጎዳው እንጂ! «ዘ ቲክ ኦቭ ኢት»፣ ያ የቢቢሲ የፖለቲካ ኮሜዲ፣ በ2005 ሲጀምር ምን ነበረው? በእጅ የተያዘ ካሜራ፣ ጠባብ ቢሮ፣ ላብ ያጠመቀው ሚኒስትር፣ በቃ። የመንግሥት ኮሙኒኬሽን ኃላፊው ማልኮም ተከር በሩን በርግዶ ሲገባ እኔ ሶፋዬ ላይ ሆኜ እደነግጥ ነበር። ያንን ሰውዬ ከነስድቡ የፈጠረው ያኑቺ ብቻውን ነው። ሲኒማ ሲገባ ግን አልባሳቱና አዳራሹ ዋጡት።

ባለ ሲኒማው፦ ብቻውን? አብረውት የጻፉት እነ ጄሲ አርምስትሮንግ፣ ሳይመን ብላክዌል፣ ቶኒ ሮች ታዲያ ምን ሊሠሩ ተቀመጡ፣ ሻይ ሊያፈሉ? ስድቡን የሚያሳምር እንኳ ኢያን ማርቲን የሚባል ሰው ነበረ፤ «የስድብ አማካሪ» ነው የሚሉት፣ እየቀለድኩ አይደለም። ሲኒማ ካልክ ደግሞ «የስታሊን ሞት» የተባለው ፊልሙ አለልህ። በጥር 2018 ሊታይ ሁለት ቀን ሲቀረው የሩሲያ ባህል ሚኒስቴር ፈቃዱን ነጠቀው። ያንተ የቢሮ ኮሜዲ ካንተና ከሶፋህ ሌላ ማንን አስደነገጠ?

ባለ ቴሌቪዥኑ፦ አንዲት ቃል ይዘህ አትንጠልጠል። ድስቱ የሱ ነው ለማለት ነው። ሽንኩርት የሚልጥ ሰው ስላለ ወጡ የሌላ ሰው ይሆናል?

ባለ ሲኒማው፦ ጭራሽ ሽንኩርት ላጭ አደረግሃቸው! አርምስትሮንግ እኮ ኋላ «ሳክሴሽን» የተባለውን የአሜሪካ ተከታታይ ድራማ የፈጠረው ሰው ነው። ያኑቺ ለአሜሪካ ቴሌቪዥን የፈጠረውን ኮሜዲ፣ «ቪፕ»ንም እይ። ያኑቺ አራት ምዕራፍ ሠርቶ በ2015 ወጣ፣ ዴቪድ ማንደል ተረከበው፣ በ2016ም በ2017ም ምርጥ ኮሜዲ ተብሎ ኤሚ የተባለውን የአሜሪካ ቴሌቪዥን ሽልማት ወሰደ። ባለ ድስቱ ሄዶ ወጡ አላረረም።

ባለ ቴሌቪዥኑ፦ በ2015 የወሰደውንስ ለምን ዘለልከው? ደግሞ ልብ በል፣ ስትመጣ ሲኒማው በጀው እያልክ ነበር፤ አሁን ሰውዬው ራሱ አያስፈልግም ልትለኝ ምንም አልቀረህ።

ባለ ሲኒማው፦ አላልኩም። አንተ ግን ስለ ሩሲያው ጭጭ። ማንን አስደነገጠ ብዬ ጠይቄ ነበር።

ባለ ቴሌቪዥኑ፦ ይኸውና! «ኦምኒሻምብልስ»፣ ሁሉ ነገር ከዳር እስከ ዳር ሲዝረከረክ የሚባለው ቃል፣ ከዚያው ድራማ የወጣ ነው። በ2012 የተቃዋሚው መሪ ኤድ ሚሊባንድ ፓርላማ ውስጥ መንግሥትን ሞለጨበት። የኦክስፎርድ መዝገበ ቃላትም የዓመቱ ቃል አለው። የቢሮ ኮሜዲ አሉኝ፣ ጌታዬ?

ባለ ሲኒማው፦ ጎሽ። ቃሉን ማን እንደፈጠረው ታውቃለህ? ቶኒ ሮች። ሽንኩርት ላጩ።

ባለ ቴሌቪዥኑ፦ እርስዎ ካሉ ይሁን። እኔ ሦስተኛውን ምዕራፍ እንደገና ላይ ነው። የጸሐፊዎቹ ስም ሲመጣ አሳልፈዋለሁ።