ጥይቱን ቁጠሩት

ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም፣ እኛ ብሎክ ሥር አንዲት ሱቅ አለች። ቀን ቀን ዳቦ፣ ዘይትና ሳሙና ነው የምትሸጠው። ከምሽቱ 1 ሰዓት በኋላ ግን ገበያዋ ዋይፋይ ነው። የሰፈሩ ልጆች ደጃፏ ላይ ያለችው አግዳሚ ላይ ይደረደራሉ። ቦታ ያጣ የለስላሳ ሳጥን ገልብጦ ይቀመጣል። ሁሉም አንገቱን ደፍቶ ፐብጂ የሚባለውን የተኩስ ጨዋታ ስልኩ ላይ ይጫወታል።

እኔ ዳቦ ልገዛ ወርጄ ነው የተያዝኩት። ክርክሩ ጦፏል። ከጨዋታው ጠመንጃዎች ኤኬኤም ይሻላል ወይስ ኤም ፎር? የቡናና የጊዮርጊስ ደጋፊ እንኳ እንዲህ አይካረርም። አንዱ ልጅ ስልኩን እንደ ማስረጃ ከፍ አድርጎ፣ "ኤም ፎር ዲፒኤሱ 477 ነው፣ ኤኬኤም 470። አለቀ!" አለ። ከሆነ ቪዲዮ ላይ ነው ያገኘው። ሌላው ቀስ ብሎ፣ "እኔ ግን በኤም ፎር ስተኩስ ሰውዬው ሁሌ በጠብታ ደም ነው የሚያመልጠኝ" አለ። ሳቁበት። "አተኳኮስ ስለማትችል ነዋ!"

የተሳቀበት ልጅ ግን ልክ ነበር። ይህን የምጽፈውም ለእሱ ጥብቅና ቆሜ ነው።

ጨዋታውን ለማያውቅ ሰው ባጭሩ ልንገረው። 100 ሰው ከአውሮፕላን ደሴት ላይ ይዘላል። ባዶ እጁን ነው የሚያርፈው። መሣሪያና ጥይት ከየቤቱ ይለቅማል። የመጫወቻው ክብ እየጠበበ ይመጣል፤ መጨረሻ ላይ በሕይወት የቀረ ያሸንፋል። ኮምፒውተር ላይ በ2017 መጋቢት ወር ለሕዝብ ተከፈተ፤ የሞባይሉ በዓመቱ፣ በ2018፣ ተከተለ። (ዘመኑ የፈረንጆች ነው።) እያንዳንዱ ተጫዋች 100 ነጥብ ደም አለው። 100ው ካለቀ አለቀ።

ዲፒኤስ የሚባለው ደግሞ መሣሪያው በሰከንድ ስንት ነጥብ ደም ይቀንሳል የሚለው ልኬት ነው። አሠራሩ ቀላል ነው። ኤኬኤም በአንድ ጥይት 47 ይቀንሳል፤ በየ0.1 ሰከንዱ አንድ ጥይት ይተፋል። 47ን ለ0.1 ስታካፍለው 470 ይመጣል። ኤም ፎር፣ ሙሉ ስሙ ኤም 416፣ በአንድ ጥይት 41 ነው፤ ግን በየ0.086 ሰከንዱ ይተኩሳል። ሲካፈል 477 ይሆናል። ቁጥሮቹን የጨዋታው ሠሪዎች በየአፕዴቱ ይነካኳቸዋል፤ እኔ የያዝኩት ልጆቹ የሚከራከሩበትን ነው። ሙያዬ የሒሳብ መዝገብ ነው፣ ቀኑን ሙሉ የሰው ደረሰኝ ስደምር ነው የምውለው። ማካፈሉ ላይ ስህተት አላገኘሁም።

ስህተቱ ሌላ ቦታ ነው። ዲፒኤስ ጉዳትን እንደ ቧንቧ ውኃ ያየዋል። ዝም ብሎ ይፈሳል፣ ባልዲው 100 ሲሞላ ያበቃል። ጥይት ግን እንዲያ አይደለም። ወይ ወጥቷል ወይ አልወጣም፤ ግማሽ ጥይት የለም። ለለቅሶ 13 ሰው ሆናችሁ ብትሄዱና የሚኒባሱ ወንበር 12 ቢሆን፣ "አንድ መኪናና የመኪና አንድ አሥራ ሁለተኛ" ብላችሁ አትከራዩም። ሁለት መኪና ነው። ለአሥራ ሦስተኛው ሰው ሲባል ሙሉ ሒሳብ ትከፍላላችሁ።

ይሄን ስነግራቸው ዝም አሉ። የእህቴ ልጅ፣ ዘንድሮ 9ኛ ክፍል ነው፣ "ጋሼ፣ አሳየና" አለኝ። እስክሪብቶ ተገኘ፤ ወረቀት የለም። ባለሱቋ የብስኩት ካርቶን ቀዳ ሰጠችን። ስልኩ መስታወቱ ተሰነጣጥቆ የሸረሪት ድር መስሏል፤ ካልኩሌተሩን ከፍቶ ስንጥቁን እያለፈ ይነካካል።

"ሰውዬው ሌቭል 2 ቬስት ለብሷል እንበል" አልኩት። በዚህ ጨዋታ ቬስት የጥይቱን ጉዳት ይቀንሳል። ሌቭል 1 ቬስት 30 በመቶ፣ ሌቭል 2 40 በመቶ፣ ሌቭል 3 ደግሞ 55 በመቶ ይወስዳል። እጅና እግር ላይ የሚያርፈው ሌላ ሒሳብ አለው፤ እሱን ተውነው። ጥይቱ ሁሉ ቬስቱ ላይ ነው ያረፈው እንበል።

ኤኬኤም 47 ሲባዛ በ0.6፣ 28.2። ሦስት ጥይት 84.6፣ አራት ጥይት 112.8። በአራት ገደለው።

ኤም ፎር 41 ሲባዛ በ0.6፣ 24.6። ልጁ በአራት አባዛው። ከዚያ ቀና ብሎ አየኝ። ካርቶኑ ላይ 98.4 ብሎ ጻፈና ሁለቴ ከበበበት።

98.4! ሰውዬው 1.6 ነጥብ ደም ይዞ ቆሟል። አምስተኛ ጥይት ያስፈልጋል። "በጠብታ ደም ነው የሚያመልጠኝ" ያለው ልጅ ካርቶኑን ነጥቆ ለሁሉም ያዞር ጀመር። የፍርድ ቤት ውሳኔ ያስመስለዋል።

አሁን ጊዜውን እንቁጠር። የመጀመሪያው ጥይት ቃታው እንደተሳበ ስለሚወጣ የሚቆጠረው በመሃል ያለው ክፍተት ነው። የአጥር ቋሚ እንደመቁጠር ነው፤ አምስት ቋሚ መሃል አራት ክፍተት ነው ያለው። ኤኬኤም ለአራት ጥይት ሦስት ክፍተት፣ 0.3 ሰከንድ። ኤም ፎር ለአምስት ጥይት አራት ክፍተት፣ 0.344 ሰከንድ። በዲፒኤስ የተበለጠው ኤኬኤም ቀድሞ ገደለ።

ታዲያ ኤኬኤም ይሻላል ማለት ነው? ቆይ። ቬስቱን ቀይረው። ቬስት ባልለበሰ ሰው ላይ ሁለቱም በሦስት ጥይት ይገድላሉ፤ ቶሎ ቶሎ የሚተኩሰው ኤም ፎር በ0.172 ሰከንድ ይጨርሳል፣ ኤኬኤም 0.2 ይፈጅበታል። ሌቭል 1 ላይ ደግሞ የሚያስቀው ተራው የኤኬኤም መሆኑ ነው። ሦስት ጥይቱ 98.7 ያደርስና እዚያው ይቆማል። አራተኛ ያስፈልገዋል፤ ኤም ፎርም አራት ነው የሚፈልገው፤ ስለዚህ ኤም ፎር ይቀድማል። ሌቭል 3 ላይ ኤኬኤም አምስት፣ ኤም ፎር ስድስት። ኤኬኤም በ0.4፣ ኤም ፎር በ0.43። ስለዚህ ጨዋታው ሲጀመር፣ ሰው ሁሉ ራቁቱን ሲሯሯጥ፣ ኤም ፎር ያዋጣል። ወደ መጨረሻው፣ የቀረው ሁሉ ደህና ቬስት ሲለብስ፣ ሚዛኑ ወደ ኤኬኤም ያጋድላል። "የትኛው ይሻላል" ከማለት በፊት "ምን የለበሰ ሰው ላይ" ማለት ነው።

ዲፒኤስን ሙልጭ አድርጌ ልሰድበው አይደለም። ቦታ አለው። ብዙ ሺህ ነጥብ ደም ያለው ጭራቅ ደቂቃ ሙሉ እየቀጠቀጡ የሚጥሉበት ጨዋታ አለ። እዚያ የመጨረሻዋ ጥይት መትረፍ አለመትረፏ ለውጥ የላትም፤ አማካዩ ይበቃል። 100 ነጥብ ደም ላይ ግን አራትና አምስት ጥይት መሃል ያለው ልዩነት የሕይወትና የሞት ነው። እኛም መሥሪያ ቤት ይሄን እናውቀዋለን። የዓመቱ አማካይ ገቢ ጥሩ ሆኖ የጥቅምት ደመወዝ የሚጠፋበት ጊዜ አለ።

ሌላው ማሳያ ካር 98 የሚባለው፣ ከሩቅ አነጣጥረው የሚተኩሱበት ጠመንጃ ነው። አንዴ ተኩሶ ለሁለተኛው ወደ 2 ሰከንድ ገደማ ይፈልጋል። በአንድ ጥይት 79። ዲፒኤሱ 40 አካባቢ ነው፤ በዚህ ቁጥር ከሄድን ከጨዋታው ውራ መሣሪያዎች አንዱ ነው። ግን ጭንቅላት ላይ ሲያርፍ በ2.5 ይባዛል፤ 197.5 ይሆናል። ሌቭል 2 ሄልሜት 40 በመቶውን ቢወስድበት እንኳ 118.5 ይቀራል፤ በአንድ ጥይት ጨርሷል። ሌቭል 3 ሄልሜት ላይ ወደ 89 ይወርዳል፤ ሰውዬው ይተርፋል። ልጆቹ ለሌቭል 3 ሄልሜት ሲሉ መንገድ አቋርጠው የሚሞቱት ለዚህ ነው። ከንቱ ምኞት ይመስለኝ ነበር። ሒሳቡን ሳየው ፈረድኩላቸው።

እስካሁን የቆጠርነው ግን ሁሉም ጥይት እንደሚመታ አድርገን ነው። እዚህ ላይ የእህቴ ልጅ ራሱ አቋረጠኝ። "ኤኬኤም እኮ ይዘላል ጋሼ" አለ። ሪኮይሉን ማለቱ ነው፤ ስትተኩስ አፈሙዙ ወደ ላይ ይሸሻል። እውነቱን ነው። በማግስቱ ቅዳሜ ነበር፤ የጨዋታው መለማመጃ ሜዳ ገብተን አንድ ኢላማ ላይ በተመሳሳይ ርቀት 30፣ 30 ጥይት አስተኮስኩት። ቀዳዳውን አብረን ቆጠርን። በኤኬኤም 18 አገባ። በኤም ፎር 24።

በዚህ ሒሳብ ኤኬኤም አራት ለማስገባት በአማካይ 6.7 ገደማ ጥይት ይተኩሳል። ኤም ፎር አምስት ለማስገባት 6.25። ጊዜው ሲሰላ ኤኬኤም 0.57 ሰከንድ ግድም፣ ኤም ፎር 0.45። ሌቭል 2 ቬስት ላይ ተበልጦ የነበረው ኤም ፎር እንደገና ቀደመ፤ ያውም በሰፊ ልዩነት። ይሄ የእሱ እጅ ነው። አንተ በኤኬኤም 26 የምታገባ ከሆንክ ውጤቱ ይገለበጣል። ከቪዲዮ የተቀዳ ሰንጠረዥ ደግሞ የማንንም እጅ አያውቅም።

አሁን ወደ እኛ ሰፈር እንመለስ። በኤኬኤምና በኤም ፎር መሃል፣ ሌቭል 2 ቬስት ላይ፣ ያለው ልዩነት 0.044 ሰከንድ ነው። 44 ሚሊ ሰከንድ። ይሄን ያዙልኝ። በሰከንድ 30 ምስል የሚያሳይ ርካሽ ስልክ ላይ አንዱ ምስል ብቻውን 33 ሚሊ ሰከንድ ይቆያል። የተከራከርንበት ልዩነት ከአንድ ምስል እምብዛም አይበልጥም። ፒንግ ደግሞ አለ፤ መልእክት ከስልክህ ሰርቨሩ ጋ፣ ማለትም ጨዋታውን የሚያስተናግደው ኮምፒውተር ጋ፣ ደርሶ የሚመለስበት ጊዜ ነው። ሰርቨሩ አውሮፓ ነው፣ ፍራንክፈርት ነው እንበል። ከአዲስ አበባ በቀጥታ ከ5,000 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ብርሃን በፋይበር ውስጥ በሰከንድ ወደ 200,000 ኪሎ ሜትር ነው የሚሄደው። ደርሶ መልሱ ብቻ ከ50 ሚሊ ሰከንድ በላይ ይፈጃል፤ ያውም ገመዱ ቀጥ ብሎ ቢዘረጋ፣ መሃል ላይ ማንም ባያስቆመው። ገመድ ደግሞ ቀጥ ብሎ አይሄድም፤ ባሕር ዞሮ ነው። ሰርቨሩ አጠገብ የሚኖር ባላጋራ ገና ሳትጀምሩ ያንን ያህል ቀድሞሃል። እዚህ አግዳሚ ላይ ሆኖ ፒንጉ ወደ ቀይ ሲሄድ "ኔት! ኔት!" የሚለውን ጩኸት አራተኛ ፎቅ ድረስ እሰማዋለሁ።

"እንግዲያው ሒሳቡ ምን ይሠራል?" የሚል ይኖራል። እኔ እንዲያውም የበለጠ ይሠራል እላለሁ። ኔትህን ማስተካከል አትችልም። ስልክህን ዛሬ አትቀይረውም። በእጅህ ያለው የቱን መሣሪያ መቼ ታነሳለህ፣ ስንት ጥይት ሳይወጣ ከግድግዳ ጀርባ አትመለስም የሚለው ነው። ኤም ፎር የያዘ ልጅ አራት አስገብቶ "በቃ ጨረስኩት" ብሎ ከዞረ 1.6 ደም ያለው ሰው ከጀርባው ይቀበለዋል። አምስተኛዋን እንደሚፈልግ ካወቀ አይዞርም።

ወላጆች፣ ይሄን አንብባችሁ "እና ፓኬጁን ማን ይከፍላል?" እንደምትሉ አውቃለሁ። እህቴም ብላኛለች። መልስ የለኝም። ግን ይሄው ልጅ እንደ ፈተና ውጤት የሚፈራውን የመቶኛ ሒሳብ፣ ካርቶን ላይ፣ ማንም ሳያስገድደው፣ ለሦስቱም ቬስትና ቬስት ላልለበሰ ሰው ሠርቶ ጨርሷል። ሂሳብ አስተማሪው ቢያየው ደስ ባለኝ።

ካርቶኑ ሁለት ቀን ሱቋ ግድግዳ ላይ ተለጥፎ ቆየ። በሦስተኛው ቀን መብራት ሄደና ባለሱቋ ከሰል አራገበችበት። ማታ ስወርድ ልጆቹ በዳታ እየተጫወቱ ነው። የእህቴን ልጅ ትከሻ ላይ አየት አደረግኩ። ኤኬኤም ይዟል።

"ቆጥረን አልነበር? ባንተ እጅ ኤም ፎር አይደል የሚሻለው?" አልኩት።

ቀና ሳይል መለሰልኝ። "አውቃለሁ ጋሼ። ድምፁ ደስ ይለኛል።"